ታቲያና ሳሞይሎቫ ማን ነበረች? ካን ካከበራት በኋላስ ፊልም እንዴት አጣች?

ሩሲያውያን በየዓመቱ ሜይ 9 የድል ቀናቸውን ሲያከብሩ የአንዲት ሴት ፎቶ ቴሌግራሙም ፌስቡኩም ላይ መዞር ይጀምራል። ጥቁርና ነጭ ፎቶ ነው፣ ፀጉሯ ጥቁር፣ ዓይኖቿ ወደ ጎን ሳብ ያሉ፣ ባቡር ጣቢያ ውስጥ በሰው ግርግር መሃል አበባ ታቅፋ እንባዋ ይወርዳል። በደርግ ጊዜ ሞስኮ ወይ ኪየቭ ወይ ኦዴሳ ሄዶ የተማረ አባት፣ አጎት፣ አክስት ካላችሁ ፎቶውን አሳዩዋቸውና ይቺ ማናት በሏቸው፣ ብዙዎቹ ያውቋታል። የሶቭየት የፊልም ተዋናይቷ ታቲያና ሳሞይሎቫ ናት፣ ፎቶውም "ሌትያት ዡራቭሊ" ከሚባለው ፊልሟ ነው።

ከፎቶው ስር ግን ተደጋግመው የሚጻፉ ሦስት ነገሮች አሉ። አንደኛ፣ ፈረንሳይ ውስጥ በሚካሄደው የካን የፊልም ፌስቲቫል ምርጥ ተዋናይት ተብላ ተሸለመች ይባላል። ሁለተኛ፣ ሆሊውድ ሲጠራት እምቢ ብላ አገሯ ቀረች ይባላል። ሦስተኛ፣ በአንድ ፊልም ታውቃ ጠፋች ይባላል። የመጀመሪያው ስህተት ነው፣ ሁለተኛው ግማሽ እውነት ነው፣ ሦስተኛው ደግሞ ስህተት ብቻ ሳይሆን ለእኔ በደልም ነው፣ ምክንያቱም "ጠፋች" ሲባል እሷ ራሷ ጥላ የሄደች ያስመስላል። ነገሩ እንዲገባን የሶቭየት ተዋናይ መሆን ምን ማለት እንደነበር ማወቅ አለብን፣ እሱን ካላወቅን የሷን ሕይወት ዛሬ በምናውቀው የፊልም ዓለም ሚዛን እየመዘንን እንሳሳታለን። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆቹ ናቸው።)

ከየት መጣች?

ታቲያና ዬቭጌኒዬቭና ሳሞይሎቫ ሜይ 4 ቀን 1934 ሌኒንግራድ፣ የዛሬዋ ሴንት ፒተርስበርግ ተወለደች። አባቷ ዬቭጌኒ ሳሞይሎቭ ራሱ ትልቅ ተዋናይ ነበር፣ በ1939 በወጣ ፊልም ሽቾርስ የሚባለውን የቀይ ጦር አዛዥ ሆኖ ሠርቶ የስታሊን ሽልማት አግኝቷል። ስለዚህ ቤቷ ውስጥ መድረክ አዲስ ነገር አልነበረም። ያደገችው ሞስኮ ነው፣ ልጅ ሆና ባሌት ተማረች፣ ከዚያ የቫክታንጎቭ ቴአትር ክፍል የሆነው ሽቹኪን የትወና ትምህርት ቤት ገባች። አብሯት የሚማረውን ቫሲሊ ላኖቮይን እዚያ ነው ያገባችው፣ ስሙን ያዙት ምክንያቱም በኋላ ይመጣል። በ1955 ከጃክ ለንደን ታሪክ በተሠራ ፊልም ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ታየች። ብዙም አልተወራላትም። ከዚያ ሚካኤል ካላቶዞቭ የሚባል የትብሊሲ ተወላጅ የሆነ ጆርጂያዊ ዳይሬክተር አገኛት።

"ሌትያት ዡራቭሊ" ምን ዓይነት ፊልም ነው?

ርዕሱ ሲተረጎም "ወፎቹ እየበረሩ ነው" እንደማለት ነው፣ ግን ዝም ብሎ ወፍ አይደለም፣ ዡራቭል የሚሉት እግሩም አንገቱም ረጅም የሆነውን፣ በሰልፍ እየበረረ ክፍለ ዓለም የሚያቋርጠውን ትልቅ ወፍ ነው። (እዚህ ላይ ሳልናገር ማለፍ አልቻልኩም፣ እነዚሁ ወፎች ከሩሲያና ከፊንላንድ ብርድ ሸሽተው ክረምቱን የሚያሳልፉት አንዱ ቦታ የእኛው ጣና ሐይቅ ዙሪያ ነው። ፊልሙ ላይ ሞስኮ ሰማይ ላይ የሚታዩት ዓይነቶቹ ናቸው።)

ፊልሙ የወጣው በ1957 ነው፣ የተሠራው ሞስፊልም በሚባለው ትልቁ የመንግሥት ስቱዲዮ ነው፣ መነሻው የቪክቶር ሮዞቭ ቴአትር ነው። ታሪኩ ሲነገር ቀላል ነው። ቬሮኒካና ቦሪስ ሞስኮ ውስጥ የሚዋደዱ ወጣቶች ናቸው፣ 1941 ላይ ጀርመን ሶቭየትን ወረረች፣ ቦሪስ በፈቃዱ ይዘምታል። ቬሮኒካ ልትሸኘው ስትሮጥ ሳትደርስበት ትቀራለች። የአየር ድብደባ ቤቷን ከነወላጆቿ ያጠፋዋል። የቦሪስ ቤተሰብ ያስጠጓታል፣ እዚያ ማርክ የሚባል ፒያኖ ተጫዋች የአጎት ልጅ አለ፣ በማጭበርበር ከዘመቻ የቀረ። ሌላ የድብደባ ሌሊት ላይ ማርክ ይይዛታል፣ በጥፊ እየመታችው ትታገላለች፣ አትችለውም። ከዚያ ታገባዋለች። ቦሪስ ደግሞ በዚያው ሰሞን ጭቃ ውስጥ፣ ዛፎች መሃል፣ በጥይት ተመቶ ይሞታል፣ እሷ ግን አታውቅም፣ "የደረሰበት አልታወቀም" ነው የተባለው።

ዛሬ ስናየው እሺ፣ የሚያሳዝን የጦርነት ፍቅር ታሪክ ነው እንላለን። በ1957 ሞስኮ ውስጥ ሲታይ ግን ሰው የደነገጠበት ምክንያት ነበረ።

ለምን አስደነገጠ?

በጦርነቱ ጊዜ ሶቭየት ውስጥ ሁሉም በቃሉ የሚያውቀው አንድ ግጥም ነበር፣ የኮንስታንቲን ሲሞኖቭ "ጠብቂኝ"። ወታደሮች ከጋዜጣ ቆርጠው ደረት ኪሳቸው ውስጥ ይዘውት ነበር የሚሄዱት። መልእክቱ አንቺ ከጠበቅሽኝ እኔ እመለሳለሁ ነው። በ1943 ፊልምም ሆነ፣ ዋናዋን ገጸ ባሕርይ የሠራችው ቫለንቲና ሴሮቫ የታማኝ ሚስት ምልክት ሆነች። እንግዲህ አስቡት፣ ሃያ ሚሊዮን ሲደመር ሕዝብ ባለቀበት አገር፣ መጠበቅ እንደ ሃይማኖት በተያዘበት፣ አሥራ ሁለት ዓመት ብቻ ቆይቶ ያልጠበቀች ሴት ዋና ገጸ ባሕርይ ሆና መጣች፣ ፊልሙም አይቀጣትም።

አንድ ሲን አለ፣ እኔ ሁሌም እሱን ነው የማነሳው። ሳይቤሪያ ውስጥ የቁስለኞች ሆስፒታል ነው፣ አንድ ወታደር እጮኛው ሌላ ማግባቷን ሰምቶ እያበደ ነው። የቦሪስ አባት ሐኪም ነው፣ ወታደሩን ለማጽናናት ብሎ እንደዚህ ያሉ ሴቶች ንቀት እንጂ ይቅርታ አይገባቸውም እያለ በሙሉ ድምፁ ይናገራል። ንግግሩ ልክ አደባባይ ላይ የሚነገረው፣ ጋዜጣ ላይ የሚጻፈው ዓይነት ነው። ክፍሉ ውስጥ ደግሞ ቬሮኒካ ነርስ ሆና ቆማለች። አዛውንቱ እሷን አስቦ አልተናገረም፣ ካሜራው ግን ተናጋሪውን ትቶ እሷ ፊት ላይ ይቆያል። ሳሞይሎቫ ምንም አትልም። ተመልካቹ ከዚያ በፊት ሺህ ጊዜ የሰማውን ትክክል የሚመስል ንግግር ለመጀመሪያ ጊዜ ከሚነገርባት ሴት ወገን ሆኖ ይሰማዋል። የፊልሙ ጉልበት እዚህ ጋ ነው፣ የሷም ችሎታ እዚህ ጋ ነው።

ይሄ ፊልም በስታሊን ጊዜ አይታሰብም ነበር። ስታሊን የሞተው ማርች 1953 ነው፣ ከእሱ በኋላ አገሪቱን የመራው ክሩሽቼቭ የስታሊንን ጥፋት ያወጣበትን ዝግ ንግግር ያደረገው ፌብሩዋሪ 1956 ነው። ከዚያ በኋላ የመጣውን ጊዜ ሩሲያውያን "ኦቴፔል" ይሉታል፣ በረዶ የሚቀልጥበት ወቅት ማለት ነው። በረዶው ቀለጠ ማለት ግን በጋ ሆነ ማለት አይደለም፣ ቀጥሎ የምታዩት ነገር ሁሉ ከዚህ ጋር ይያያዛል።

ካሜራው ላይ ምን አዲስ ነገር ነበረ?

ካሜራማኑ ሰርጌይ ኡሩሴቭስኪ በጦርነቱ ጊዜ ግንባር ላይ ይቀርጽ የነበረ ሰው ነው፣ ካሜራ በእጁ ይዞ እየሮጠ መቅረጽ የለመደ። ያንን ልምድ ወደ ስቱዲዮ ፊልም አመጣው። ቬሮኒካ ቦሪስን ለመሰናበት ስትሄድ አውቶብስ ውስጥ ናት፣ ካሜራው አጠገቧ ነው፣ መንገዱ ሲዘጋ ትወርዳለች፣ ካሜራው አብሯት ይወርዳል፣ ሰው እየገፋች ስታልፍ አብሯት ይገፋል፣ ከዚያ ድንገት ወደ ላይ ይነሳና በሚጓዙ ታንኮች መሃል ስትሮጥ ከላይ ያሳየናል። ሁሉም ሳይቆረጥ፣ በአንድ ትንፋሽ። ቦሪስ ሲሞት ደግሞ ሰማዩና ዛፎቹ ይሽከረከሩበታል፣ በዚያ ሽክርክሪት ውስጥ ያልተደረገው ሠርጉ ይታየዋል።

ለተዋናይ እንዲህ ዓይነት ቀረጻ ከባድ ፈተና ነው። ቆርጠህ ቆርጠህ ስትቀርጽ ፊት ላይ ያለውን ስሜት በየቁራጩ መጠገን ትችላለህ፣ በረጅሙ ሲቀረጽ ግን እየሮጠች፣ እየተገፋች፣ እየተነፈሰች ስሜቱን ይዛ መዝለቅ አለባት። ያኔ ሳሞይሎቫ 22፣ 23 ዓመቷ ነው። ባሌት መማሯ እዚህ ጋ የጠቀማት ይመስለኛል፣ ሩጫዋን ብቻ ብታዩት ይገባችኋል።

ካን ላይ በትክክል ምን አገኘች?

በ1958 ፊልሙ ካን ፌስቲቫል ላይ ፓልም ዶር አሸነፈ፣ የወርቅ ዘንባባ ማለት ነው፣ ትልቁ ሽልማት። እስከ ሶቭየት መፍረስ ድረስ ይህንን ሽልማት ብቻውን ያሸነፈ ሌላ የሶቭየት ፊልም የለም። (በ1946 አንድ የሶቭየት ፊልም ትልቁን ሽልማት ወስዷል የሚሉ አሉ፣ ልክ ናቸው፣ ግን ያኔ ሽልማቱ ለአሥራ አንድ ፊልም ነው የተከፋፈለው፣ ስሙም ፓልም ዶር አልነበረም።)

ምርጥ ተዋናይት የሚለው ሽልማት ግን በዚያ ዓመት የተሰጠው በአንድ ላይ ለአራት ሴቶች ነው፣ በስዊድናዊው ኢንግማር በርግማን ፊልም ውስጥ አብረው ለሠሩት። ለሳሞይሎቫ ዳኞቹ ልዩ ምስጋና ነው የሰጧት። ልዩነቱ ትንሽ ቢመስልም ልክ ልኩን መናገር ይሻላል፣ ክብሯን አይቀንሰውም፣ ዳኞቹ ሽልማቱ ለሌሎች ተሰጥቶም እንኳን ስሟን ሳይጠሩ ማለፍ አልፈለጉም ማለት ነው።

ከዚያ በኋላ የሆነው ነገር ይገርማል። ፈረንሳይ ውስጥ ብቻ ከ5 ሚሊዮን በላይ ቲኬት ተሸጠ። አሜሪካና ሶቭየት በጃንዋሪ 1958 የባህል ልውውጥ ስምምነት ተፈራርመው ስለነበር በዚያ ስምምነት አሜሪካ የገባው የመጀመሪያው የሶቭየት ፊልም ይሄው ሆነ። አገር ቤት ከ28 ሚሊዮን በላይ ሰው አየው። ፓሪስ ውስጥ የሷ ፎቶ በየመጽሔቱ ነበር። እንደዚህ የሆነች ተዋናይ ዛሬ ብትኖር በወሩ ኤጀንት፣ በዓመቱ ሦስት ፊልም ይኖራት ነበር። እሷ ግን ወደ ሞስኮ ተመለሰች፣ ስልክ ጠበቀች።

ለምን ስልክ ትጠብቃለች? ፊልም እንዴት ነበር የሚሠራው?

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ ገባን። ሶቭየት ውስጥ የፊልም ኢንዱስትሪው የመንግሥት የሆነው ገና በ1919 ሌኒን በፈረመው አዋጅ ነው። በሳሞይሎቫ ጊዜ የግል ፕሮዲዩሰር የሚባል ነገር የለም፣ የግል ስቱዲዮም የለም፣ የተዋናይ ኤጀንትም የለም። ስቱዲዮው የመንግሥት፣ ሲኒማ ቤቱ የመንግሥት፣ ፊልም ውጭ አገር የሚሸጠው ሶቬክስፖርትፊልም የሚባለው ድርጅትም የመንግሥት ነው።

አንድ ፊልም እንዲሠራ መጀመሪያ ስክሪፕቱ ስቱዲዮ ውስጥ ይታያል፣ ኹድሶቬት የሚሉት የጥበብ ምክር ቤት ይወያይበታል፣ ይታረም ይባላል፣ ታርሞ ይመለሳል፣ ከዚያ ወደ በላይ አካል ይሄዳል፣ በሳሞይሎቫ ጊዜ መጀመሪያ የባህል ሚኒስቴር፣ ከ1963 በኋላ ጎስኪኖ የሚባለው የመንግሥት የፊልም ኮሚቴ ነው። ተዋናዮቹም ካሜራ ፊት ተፈትነው ምክር ቤቱ ነው የሚያጸድቃቸው፣ ዳይሬክተሩ ስለፈለገ ብቻ አያልቅም። ፊልሙ ካለቀ በኋላ ደግሞ በዚያው መንገድ እንደገና ይታያል፣ ስንት ኮፒ ታትሞ በስንት ሲኒማ ቤት ይታይ የሚለውም የሚወሰነው ከላይ ነው። ዳይሬክተር ሲሰለቸው ወይም ሲፈራ ማንን ይመርጣል? ምክር ቤቱ ፊት የማይከራከርበትን ሰው ይመርጣል፣ በቃ። ስለዚህ አንዲት ተዋናይ ላይ "ከባድ ናት"፣ "መልኳ የኛ ጀግና መልክ አይደለም" የሚል ወሬ ከተቀመጠባት ማንም በደብዳቤ አይከለክላትም፣ ዝም ብሎ ሳይደወልላት ይቀራል።

ገንዘቡስ? ፊልሙ ስንት ሚሊዮን ቢያስገባ ተዋናይዋ ከገቢው ድርሻ የላትም። የሚከፈላት በቀረጻ ቀን ነው፣ ያውም እንደ መንግሥት መሥሪያ ቤት የደመወዝ ስኬል እርከን ወጥቶለት፣ እርከኑ የሚወሰነው በልምድና በማዕረግ ነው። አውሮፓ ውስጥ ፊልሙ ሲሸጥ ገንዘቡ ወደ ሶቬክስፖርትፊልም ይገባል። ብዙ ተዋናዮች ኑሯቸውን የሚደጉሙት በየከተማው እየዞሩ ከተመልካች ጋር በሚደረግ ስብሰባ ነበር፣ መድረክ ላይ ወጥተው ስለ ሥራቸው ያወራሉ፣ የፊልሞቻቸው ቁራጭ ይታያል፣ እሱንም የሚያዘጋጀው የመንግሥት ቢሮ ነው።

በፊልም መሃል ሥራ የሌላቸው ተዋናዮች የሚቀመጡበት ቦታም ነበረ፣ በ1943 ሞስኮ ውስጥ የተቋቋመው የፊልም ተዋናዮች ቴአትር። ሳሞይሎቫም እዚያ ነበረች። እዚያ የተመደበ ሰው የወር ደመወዝ አለው፣ አይራብም፣ ግን ስሙ ከፍ ያለ ቡድን ውስጥ ተቀያሪ ወንበር ላይ እንደተቀመጠ ተጫዋች ነው፣ ማሊያውን ለብሷል፣ አሠልጣኙ ካልጠራው ሜዳ አይገባም፣ ወደ ሌላ ቡድን ልሂድም አይልም።

ሆሊውድ እውነት ጠርቷት ነበር?

እሷ በኋላ በሰጠቻቸው ቃለ ምልልሶች ከውጭ ግብዣ እንደመጣላት፣ ባለሥልጣኖቹ ግን እንዳልፈቀዱ ተናግራለች። ከፈረንሳዊው ተዋናይ ጄራር ፊሊፕ ጋር የቶልስቶይን ልቦለድ "አና ካሬኒና"ን የመሥራት ሐሳብ እንደነበረም አንስታለች፣ ፊሊፕ በ1959 በ36 ዓመቱ ስለሞተ ያ ሐሳብ በዚያም በዚህም የማይሆን ሆነ።

ስለዚህ "እምቢ አለች" የሚለው ቃል ራሱ ነው ችግሩ። እምቢ ለማለት እኮ መጀመሪያ ምርጫው እጅሽ ላይ መሆን አለበት። ግብዣ ቢመጣ የሚመጣው ለእሷ ሳይሆን ለመንግሥት ነው፣ ኮንትራት የሚፈርመው መንግሥት ነው፣ ከአገር ለመውጣት ደግሞ የመውጫ ቪዛ ያስፈልጋል። በደርግ ጊዜ የኖሩ ኢትዮጵያውያን ይሄንን ማስረዳት አያስፈልጋቸውም፣ ፓስፖርት መያዝና መውጣት መቻል ሁለት የተለያዩ ነገሮች እንደነበሩ ያውቁታል።

መንገዱ ግን ሙሉ በሙሉ የተዘጋ አልነበረም፣ ይሄም መነገር አለበት። መንግሥት ከውጭ አገር ጋር በጋራ የሚሠራው ፊልም ሲኖር ይልኳታል። ከፈረንሳይ ጋር በ1960 በተሠራ ፊልም ውስጥ አለች፣ በ1961 ሃንጋሪ ሄዳ የሬዲዮ ሰላይ ሆና ሠርታለች፣ ጣልያናዊው ጁሴፔ ዴ ሳንቲስ ሩሲያ ስለዘመቱ የጣልያን ወታደሮች በሠራው የ1964 ፊልም ላይም ትታያለች። ማለትም ውጭ አገር መሥራት አይቻልም ሳይሆን፣ መንግሥት ራሱ ባቀደው ብቻ ነው የሚቻለው።

ከካን በኋላ አገር ቤት ምን ሠራች?

ካላቶዞቭና ኡሩሴቭስኪ ደግመው ወሰዷት። "ያልተላከው ደብዳቤ" በ1960 ወጣ፣ ሳይቤሪያ ጫካ ውስጥ አልማዝ ፍለጋ የገቡ አራት ሰዎች እሳት ይከባቸዋል፣ ከዚያ ብርዱ ይመጣል። ቀረጻው ራሱ ጫካው ውስጥ፣ ጭስና ውሃ ውስጥ ነበር፣ የሷ ጤና ደግሞ ከዚያ በፊትም የሳንባ ነቀርሳ ያጠቃው ነበር። ፊልሙ ካን ሄደ፣ ሳይሸለም ተመለሰ፣ አገር ቤትም እንደ መጀመሪያው አልተወደደም።

ከዚያ ትልቁ እስኪመጣ ዓመታት አለፉ። አሌክሳንደር ዛርኪ የቶልስቶይን "አና ካሬኒና" በቀለምና በሰፊ ስክሪን ሊሠራ ሲነሳ አናን እንድትሠራ ሳሞይሎቫን መረጠ። ፊልሙ በ1967 ወጣ። ምርጫው ሲነገር ቀላል ይመስላል እንጂ፣ ለሶቭየት ተመልካች አና ማለት ከ1937 ጀምሮ በሞስኮ አርት ቴአትር የሠራችው አላ ታራሶቫ ነበረች፣ ከዚያ ምስል ጋር መታገል ነበረባት። ባለትዳሯ አና የምታፈቅረውን መኮንን ቭሮንስኪን ደግሞ ማን ሠራው? ቫሲሊ ላኖቮይ፣ ከተፋቱ ዓመታት ያለፏቸው የቀድሞ ባሏ። ትልቋ የባሌት ሰው ማያ ፕሊሴትስካያም ልዕልት ቤትሲን ሆና ትታያለች፣ ሙዚቃው የባሏ የሮዲዮን ሽቸድሪን ነው።

የሳሞይሎቫ አና ለስላሳ አይደለችም። ከመጀመሪያው ጀምሮ ዓይኗ ውስጥ ጭንቀት አለ፣ ገና ፍቅሩ ሳይጀመር መጨረሻውን ያየች ትመስላለች። አንዳንዱ ሰው ይሄ አልጣመውም፣ ቀስ ብሎ የሚመጣ መውደቅ ይፈልጋል። እኔ ግን ልክ ናት ባይ ነኝ፣ ቬሮኒካን ስትሠራ የጀመረችውን ነገር ነው የቀጠለችው፣ ሁለቱም ማኅበረሰቡ ፈርዶባቸው ያለቀ ሴቶች ናቸው፣ ሁለቱንም የምትሠራቸው ይቅርታ እየጠየቀች አይደለም። 40 ሚሊዮን ገደማ ተመልካች ሲኒማ ቤት ገብቶ አያት። ስለዚህ "የአንድ ፊልም ተዋናይ" የሚለው እዚህ ጋ ያበቃል።

ፊልሙ ለ1968ቱ የካን ውድድር ተመርጦ ነበር። ያ ዓመት ደግሞ ፈረንሳይ በተማሪዎችና በሠራተኞች አመፅ የተናጠችበት ነው፣ ፌስቲቫሉ በመሃሉ ተቋረጠ፣ ለማንም ሽልማት ሳይሰጥ ቀረ። ሳሞይሎቫ ያኔ 34 ዓመቷ ነበር።

ታዲያ ለምን በዚያ ቀረ?

አንድ ምክንያት ብቻ የሚነግራችሁን አትመኑ። ክሩሽቼቭ ቬሮኒካን እንደ ባለጌ ሴት አይቶ ተቆጣ የሚል ታሪክ በሰፊው ይወራል፣ ግን ክሩሽቼቭ በ1964 ከሥልጣን ወርዷል፣ እሷ ደግሞ አና ካሬኒናን የሠራችው ከዚያ በኋላ ነው፣ ስለዚህ በእሱ ብቻ ማሳበብ አያስኬድም።

እኔ ሳየው ነገሮች ተደራርበው ነው። ጤናዋ አለ። መልኳና አሠራሯ አለ፣ የ1970ዎቹ ፊልም በብዛት የሚፈልገው የፋብሪካ ሠራተኛዋን፣ የኮልኮዝ (የጋራ እርሻ) ሊቀመንበሯን፣ ጎረቤት ያለችውን ሴት ነው፣ ሳሞይሎቫን ደግሞ ተራ ቦታ ብታስቀምጧት ተራ አትሆንም። የሚያውቃት ዳይሬክተር ጉዳይም አለ፣ ካላቶዞቭ ወደ ኩባ ሄዶ በ1964 የወጣውን ትልቅ ፊልሙን ሠራ፣ በ1973 ሞተ፣ ኡሩሴቭስኪ በ1974 ተከተለው። በሌላ አገር ቢሆን እንዲህ ያለች ተዋናይ ራሷ ታሪክ መርጣ፣ ገንዘብ ፈልጋ፣ ዳይሬክተር ጠርታ ታሠራለች። እዚያ ይሄ መንገድ የለም። የምታውቀው ዳይሬክተር ሲጠፋ ሥራም አብሮ ይጠፋል።

ማዕረጉንም እንይ፣ ምክንያቱም ማዕረግ እዚያ ጌጥ ብቻ አልነበረም፣ ክፍያ ላይም መኖሪያ ቤት ላይም ለውጥ ያመጣል። ከታች "የተከበረ አርቲስት" አለ፣ ከዚያ የሪፐብሊኩ "የሕዝብ አርቲስት"፣ ከሁሉም በላይ የመላው ሶቭየት "የሕዝብ አርቲስት"። ቦሪስን የሠራው አሌክሲ ባታሎቭ የመጨረሻውን በ1976 አገኘ፣ ላኖቮይ በ1985። ሳሞይሎቫ በ1965 የታችኛውን አገኘች፣ "የሕዝብ አርቲስት" የተባለችው ሶቭየት ከፈረሰች በኋላ ነው። ፊልሙን በዓለም ዙሪያ የተሸከመው ፊት የሷ ሆኖ ሳለ ማለት ነው። ይሄ ያሳዝነኛል፣ ልደብቀው አልፈልግም።

በ1970ዎቹ በጥቂት ፊልሞች ታየች፣ በ1975 በወጣ ስለ አብዮቱ ዘመን በሚያወራ የስለላ ፊልም ውስጥም አለች። ከዚያ ረጅም ዝምታ ነው። በ2000ዎቹ በቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማና በአንዳንድ ፊልም አሮጊት ሆና ተመልሳ ታየች። ሞስኮ ውስጥ ሜይ 4 ቀን 2014 አረፈች፣ በተወለደችበት ቀን፣ ልክ 80 ዓመቷ። የተቀበረችው ኖቮዴቪቺ መቃብር ነው፣ አገሪቱ ታላላቅ ጸሐፊዎቿንና አርቲስቶቿን የምትቀብርበት።

የት ነው የሚታየው?

ሞስፊልም የድሮ ፊልሞቹን ዩቲዩብ ላይ በነፃ ስለጫነ ከትርጉም ጽሑፍ ጋር ማግኘት ትችላላችሁ። መጀመሪያ "ዡራቭሊ"ን እዩ፣ አንድ ሰዓት ከግማሽ ገደማ ነው፣ ስልክ ላይ ባይሆን ይመረጣል። አውቶብሱ ላይ ስትደርሱ ፊቷን ብቻ ተከተሉ፣ ከመስኮቱ ወደ ውጭ ስታይ፣ ስትወርድ፣ ሰው ስትገፋ፣ ከዚያ ካሜራው ወደ ላይ ሲነሳ ትንሽ ነጥብ ሆና በታንኮቹ መሃል ስትሮጥ።